መርዶው ሳይነገር

የዘጋቢ ፊልም ሠሪዋ ረድኤት ደቡብ አፍሪካ፣ ቮስሎሩስ ውስጥ፣ ስፓዛ ከሚሉት ከሀቢሶ የሰፈር ሱቅ ደረጃ ሥር ሞታ ተገኘች። ግንባሯ ተፈንክቷል፤ ካሜራዋም የመኪናዋ ቁልፍም የሉም። ፖሊሶቹ «ዘራፊ ነው» ብለው ሄዱ። የኮሮናው ሁለተኛ ዓመት ስለነበር ሬሳው ሁሉ በዝቶባቸዋል። የአገር ልጆች ግን አሰገደችን ጠሩ። አገር ቤት፣ ሆሳዕና ከተማ ሃያ ዓመት የወንጀል መርማሪ ነበረች፤ አሁን እዚያው አቅራቢያ ጀርሚስተን መጋረጃ ትሸጣለች።

«ምን ነበር የምትቀርጸው?» ስትል የሀቢሶን ሚስት ፊቤን ጠየቀቻት።

«የስደተኛውን ኑሮ። ሆሳዕና ሄዳም ቤተሰቦቻችንን ቀርጻ መጣች።» ፊቤ ድምጿን ዝቅ አደረገች። «እትዬ፣ የሀቢሶ እናት ከሞቱ አምስት ወራቸው። መሰብሰብ ስለተከለከለ፣ ሰው ሳይከበው አናረዳውም ብለን እኔና ወንድሙ ደብቀነዋል። እባክዎ እንዳይሰማ።»

አሰገደች ቃል ገባች።

የሀቢሶ ታናሽ ወንድም አጵሎስ ዓይኖቹ ቀልተዋል። «ጓሮ ዕቃ ሳራግፍ ቆይቼ ስመለስ ወድቃ አገኘኋት። ምንም አልነካሁም። ሎኬሽን ነው እትዬ፣ የድሃ ሰፈር፤ ሌባ መቼ ይጠፋል?»

አሰገደች ሱቁን ዞር ዞር ብላ አየች። ፍሪጁ እንደ ወፍጮ ያጓራል። ስትከፍተው ከወተቶቹ ኋላ የረድኤትን የመኪና ቁልፍ አገኘች።

በነጋታው ማለዳ ሀቢሶን፣ ፊቤንና አጵሎስን ሱቁ ውስጥ ሰበሰበቻቸው።

«አንድ ቪዲዮ አንሺ ደውዬ ጠየቅኩ» አለች። «ሲቀርጹ ድምፁ ስለሚረብሻቸው ፍሪጅ ያጠፋሉ። መልሰው ማብራቱን እንዳይረሱ ቁልፋቸውን ውስጡ ይከታሉ፤ ያለ ቁልፍ የት ይሄዳሉ? እንግዲህ ረድኤት የሞተችው ለቀረጻ ተሰናድታ፣ ፍሪጁን አጥፍታ ነው። እኔ ስደርስ ግን ይሠራል። ካሜራ ነጥቆ የሚሮጥ ሌባ ለሰው ወተት አዝኖ ፍሪጅ አያበራም። የሚያበራው ባለሱቅ ነው። ሀቢሶ ፎርድስበርግ ዕቃ እየገዛ ነበር። ፊቤን በስልክ የቪዲዮ ጸሎት ላይ ሠላሳ ሰው አይቷታል። አጵሎስ፣ አንተ ምንም አልነካሁም ብለሃል።»

አጵሎስ ጭምብሉን አውልቆ ተንሰቀሰቀ። «ካሜራውን ስንታገል ወደቀች። ልገድላት አልነበረም! አገር ቤት የቀረጸችውን ቀብር ለሀቢሶ ልታሳየው፣ እያየ ሲያለቅስ ልትቀርጸው ነበር የምትጠብቀው። ለምኛት እምቢ አለች።»

«የማንን ቀብር?» አለ ሀቢሶ።

አሰገደች ብዙ ሰው አሳስራለች፤ እንደዚያ ቀን ግን ሥራዋን ጠልታው አታውቅም። ቃሏን ማፍረስ ግድ ሆነባት።

«ሀቢሶ ልጄ፣ ተቀመጥ» አለችው።

አልተቀመጠም። በማለዳ ሰብስበው «ተቀመጥ» የሚሉት ሰው ምን እንደሚጠብቀው ያውቃል። «እማዬን ነው?» አለ።

አጵሎስ ሊያቅፈው ፈርቶ እጁን ዘርግቶ ቀረ። ሀቢሶ ራሱ ሄዶ አንገቱ ላይ ተጠመጠመ። ለእናቱ አብሮት የሚያለቅስላት ሌላ ወንድም አልነበረውም።