የባቄላና የአተር ድምፅ

አቶ ወልደ አማኑኤል ከወፍጮው ድንጋይ ሥር ተዘርረው ቀርተዋል። ከራስጌያቸው የሰፈሩ ድምፅ ያለበት እንስራ አፉ እንደተመረገ ቆሟል።

ጣልያን አዲስ አበባን በያዘ በሁለተኛው ክረምት ነው። የቀራንዮ ሰፈር ሹሙን እንዲመርጥ ታዝዞ፣ ቱሉን የሚፈልግ ባቄላ፣ ነገሬን የሚፈልግ አተር እንስራው ውስጥ ጣለ። አስተርጓሚው ጀይሉ ቆጠረና «ነገሬ በለጠ» አለ። ቱሉ ግን ቆጠራው ተዛብቷል ብሎ ለጣልያን ፍርድ ቤት አቤት አለ። ዳግም እስኪቆጠር እህሉ ወደ እንስራው ተመልሶ፣ ሁሉ በሚያምናቸው በአቶ ወልደ አማኑኤል ቤት ታሽጎ ሳምንት ተቀመጠ። ሽማግሌው ሞተው የተገኙት ሊቆጠር በተቀጠረበት ቀን ማለዳ ነው።

የጣልያን ፖሊሶቹ፣ ካራቢኔሪዎቹ፣ ወዲያው ቱሉን አሰሩት። የሟቹ ባለቤት ወይዘሮ ጽጌማርያም ደግሞ ከወረራው በፊት የአጥቢያ ዳኛ ወደነበሩት፣ የባሏ ወዳጅ ወደሆኑት አቶ ሀብተማርያም ላከች።

«ይድረሱልኝ» አለቻቸው። «ቱሉ አልገደለም። ዛሬውኑ ሊሰቅሉት ነው።»

እሳቸው የወዳጃቸውን ዓይን ከደኑ። ቀጥሎ የእንስራውን ምርጊት በጣታቸው ጫን አሉት። ሰመጠ።

«ይህ የሳምንት ጭቃ አይደለም። ሲታሸግ ማን ነበር?»

«ቱሉም ነገሬም ነበሩ፤ እኔም አለሁ። ባለቤቴ እህሉ ላይ የመድኃኔዓለምን ጠበል አፈሰሱበት፤ በነካው ላይ እንዲፈርድ ብለው። አብሮን የሚኖረው ደሜ እንኳን ያን ዕለት ሆለታ እናቱ ዘንድ ነበር።»

ነገሬን ደጃፉ ላይ ተደግፎ አገኙት።

«አቶ ሀብተማርያም፣ ዳኝነትዎ ከባንዲራው ጋር ወርዶ የለም እንዴ?»

«ወርዷል። ዓይኔ ግን አብሮ አልወረደም።»

«እኔ አሸናፊ ነኝ። ምን ጎደለኝ ብዬ ሽማግሌ እገድላለሁ?»

ደሜ የሟቹ የእህት ልጅ ነው፤ እዚያው ቤት ያድራል። ለአቶ ሀብተማርያም የክርስትና ልጃቸው ነው።

«ዝናቡ ከባድ ነበር አባባ፣ ምንም አልሰማሁም። ቱሉን ግን ያስፈቱት፤ እሱ አይደለም።»

«በምን አወቅህ?»

ደሜ ማከክ ጀመረ። ክንዱ ቀልቶ አብጧል።

«ክንድህን ምን ነካህ?»

«ንብ።»

«በዚህ ዝናብ?»

ጋቢውን ወደ ክንዱ ሳበ። አቶ ሀብተማርያም ሌላ አልጠየቁትም፤ ወደ ሟቹ ቤት ጓሮ ዞረው ብዙ ቆዩ። ሲመለሱ እርምጃቸው ከብዶ ነበር።

ከቀብር በኋላ ሰፈሩ እንደ ድሮው ወንጀለኛ ለሚያወጣበት አውጫጭኝ ሜዳው ላይ ተቀመጠ። የካራቢኔሪው አለቃ ከጀይሉ ጋር ቆሟል፤ ቱሉ እጁ ታስሯል። እንስራው ተከፍቶ ቁርበት ላይ ተዘረገፈ። ባቄላው ከአተሩ በዝቶ ታየ።

«ይኸው!» አለ ነገሬ። «ለዚህ ነው የገደለው!»

አቶ ሀብተማርያም አንድ ባቄላ አንስተው ነከሱ። ቀጭ ሲል ተሰማ።

«ደረቅ ነው። ጠበል ጠጥቶ ሳምንት የታፈነ እህል በቅሎ ነበር መገኘት ያለበት። ስለዚህ ተቀይሯል። ነገሬ ቀይሮት ቢሆን አተሩ በበዛ ነበር። ቱሉ ደግሞ ጠበሉ ሲፈስ አይቷል፤ ቢቀይር በውሃ አርሶ ባመጣ። ባቄላ እንዲበልጥ የፈለገው፣ ጠበሉን ግን ያላየው ማነው? በዚያ ላይ ወይዘሮ ጽጌማርያም በሩን ማለዳ ስትከፍት ከውስጥ እንደተቀረቀረ ነበር፤ ከውጭ የገባ የለም።»

ኩታቸው ላይ የቋጠሩትን ይዘው ወደ ቁርበቱ ቀረቡ።

«የድሮውን እህል ደግሞ ማንም እጁን የማይሰድበት ቦታ አገኘሁት፤ ከጓሮው ሳማ ሥር።» ኩታቸውን ፈቱ። ጭቃ የለበሰ፣ ነጭ ቡቃያ ያወጣ ባቄላና አተር ነበር። ከዚያ ያበጠ ክንዳቸውን ከፍ አደረጉ። «ይህም ንብ አይደለም።»

ሁሉም ወደ ደሜ ዞረ።

«እንስራውን በጨለማ ነው የዘቀዘቅኩት፤ መብቀሉን አላየሁም» አለ ደሜ። «መርጌ ስጨርስ አጎቴ ነቁ። ‹ጮኼ እናገራለሁ› አሉ። ገፋኋቸው፤ ወፍጮው ላይ ወደቁ። አባባ፣ ነገሬ ቢሾም ማንን አሳልፎ እንደሚሰጥ እርስዎ ያውቃሉ።»

ያውቃሉ። የደሜ ታላቅ ወንድም ዱር ነው፣ ከአርበኞቹ ጋር። ስሙን እንዳይጠራ በልባቸው ለመኑ። ደሜም አልጠራውም።

የቱሉ ገመድ ተፈትቶ ለደሜ ሆነ። አለቃው ዳግም ቆጠራው እንዲያልቅ አዘዘ። አቶ ሀብተማርያም ቡቃያውን አንድ በአንድ እየለዩ ጮክ ብለው ቆጠሩ። ጀይሉ ቀና ብሎ ማየት አቃተው።

ደሜን ሲወስዱት መንገዱ ላይ ዞረ።

«አባባ! የቱ በለጠ?»

አቶ ሀብተማርያም እጃቸው ላይ የቀረውን ቡቃያ አዩ።

«ባቄላው ነው ልጄ። ያኔም ባቄላው ነበር።»

የደሜ ፊት በደስታ በራ። ከዚያ አጎቱ በከንቱ እንደሞቱ ገባውና መንገዱ ላይ ተቀመጠ፤ ሁለቱ ወታደሮች ብብቱን ይዘው አነሱት።