የትዕዛዙ መስኮት

የአዳራሹን ተከራይ ትዕዛዙን ሞቶ ያገኙት በቲኬት ቤቱ ወለል ላይ፣ ባናውን እስከ አንገቱ እንደ ለበሰ ነው። ቁስል የለበትም፤ ደም የለም። ራስጌው የከሰሉ ምድጃ ገና ይፋጃል። ቲኬት የሚሸጥባት አንዲት መስኮት ከውጭ በገለባ ተጠቅጥቃለች፤ በሩም ከውጭ ተቀርቅሯል። ጢሱ መውጫ አጥቶ ሰውየውን በእንቅልፉ ወሰደው። ከምድጃው አጠገብ የአዝማሪው የፈንታ ማሲንቆ ተጋድሞ ነበር።

ያ ማሲንቆ ፈንታን አሳሰረው። ነገ ወደ ደብረ ብርሃን ይወስዱታል ተባለ። ሰው ገደለ ተብሎ የተወሰደ ደግሞ ቶሎ አይመለስም። ሚስቱ ወሰንየለሽ ሕፃኗን አዝላ ከፖሊስ ጣቢያው ደጅ ተደፋች።

የትንሿ ከተማ የዘመሮ ሰው ብዙም አልተገረመም። ደርግ ወድቆ አዳራሹ ለግለሰብ ሲከራይ ትዕዛዙ ያዘው። ከዚያ ወንበሩን፣ ጄኔሬተሩን፣ ድምፅ ማጉያውን አንድ በአንድ ሰበሰበ። ከእሱ መስኮት በቀር ቲኬት የሚቆረጥበት ጠፋ። ተመልካቹ የሚከፍለውን የሚወስነው እሱ፣ ለአዝማሪው የሚደርሰውን የሚወስነው እሱ። «ሌላ ቦታ ከዘፈንክ ዘመሮን እርሳት» ይላል። በጎረቤት ከተማ በቀየት ያለውንም አዳራሽ ቀድሞ ተከራየው። ፈንታ ባለፈው ገበያ «አፋችንን ለጎምከው፤ አንተንም የሚለጉምህ አይጥፋ!» ብሎ በሰው ፊት ረግሞታል። እርግማኑን ያልሰማ አልነበረም።

መርማሪው ሳጅን መርስዔ ኃዘን ጠጉራቸው የሸበተ፣ በነገር የማይቸኩሉ ሰው ናቸው።

«ጌታዬ፣ ባሌ ዶሮ እንኳ አርዶ አያውቅም» አለቻቸው ወሰንየለሽ።

«የሚያርደው ዶሮ አጥቶ እንዳይሆን።»

በእንባዋ መሐል ሳቅ ሊያመልጣት ነበር።

«ማሲንቆው እንዴት እዚያ ገባ?»

«ትናንት አመሻሽ ትዕዛዙ ቀማው። ቀየት ሰርግ ሊዘፍን ነው ብለው ነግረውት።»

«ማን አየ?»

«እኔና እግዜር።»

«እግዜር ለምስክርነት ቢጠራ አይመጣም። አንቺም ሚስቱ ነሽ» አሉና ተነሡ።

ከኋላቸው ተከተለች። ቲኬት ቤቱ ገብተው ማሲንቆውን አነሡ። በአውራ ጣታቸው ጭራውን ቢነኩት «ድፍ» አለ እንጂ አልጮኸም። ቆዳውን ዳሰሱ፤ ቀጥሎም እንደ ወጥ አሸተቱት። ማሲንቆውንም ይዘው ወጡ።

ዘበኛውን በዕውቀቱን ጠየቁት።

«ማታ ትዕዛዙ ‹ሂድ ተኛ፣ ጄኔሬተሩን እኔ እጠብቃለሁ› አለኝ። ጎህ ሲቀድ መጥቼ ገለባውን አየሁ። ብጣራ መልስ የለም። ጮህኩ።»

«በሩን ለምን አልከፈትክም?»

«ሙት ካለበት ብቻዬን? ዘበኛ ነኝ እንጂ ቄስ አይደለሁ! መኳንንት ደረሰና ‹ንቅንቅ እንዳትል፣ ሚስቱን ልጥራ› ብሎ ሮጠ። ከሰርካለም ጋር ተመልሶ በሩን ከፈተና ቀድሞ ገባ።»

መኳንንት የትዕዛዙ የሥራ ሸሪክ ነው። «ስገባ ማሲንቆው ከእሳቱ ዳር ነበር፤ እዚያው እንዳደረ» አለ፣ በርኖሱን እየሰበሰበ።

ሳጅን ወደ ጣቢያው ተመለሱና ማሲንቆውን ከጣቢያው ምድጃ ፍም አጠገብ አስደግፈው ተቀመጡ። አንዴ ያገላብጡታል፣ አንዴ መታ ያደርጉታል። ወሰንየለሽ አልቻለችም።

«የእኔ ባል ሊሞት እርስዎ ይጫወታሉ?»

«ታገሺ፣ ልጄ። ይህ ዕቃ ከሁላችሁም ይልቅ እውነት ይናገራል።»

ከሰዓት በኋላ ሰዉ በአዳራሹ ተሰበሰበ። ሽማግሌዎቹ «እንደ ጥንቱ አውጫጭኝ ይሁን፤ እውነቱ ሳይወጣ ማንም አይወጣም» አሉ። ፈንታ እጁ የፊጥኝ እንደ ታሰረ ከፊት ቁጭ አለ። ወሰንየለሽ ወደ ገመዱ ላለማየት ዓይኗን ጣሪያው ላይ ሰቀለች።

ሳጅን ማሲንቆውን አንሥተው ነኩት። አዳራሹን ሞላው።

«ከፍም አጠገብ ግማሽ ቀን ቆይቶ ነው እንዲህ የሆነው። ወደዚህ ስመጣ በቀዝቃዛው የጓሳ ተራራ ንፋስ ይዤው መጣሁ፤ አሁንም ይጮሃል። ጠዋት ግን ከሚፋጅ ምድጃ ዳር ሳነሣው ቆዳው ረግቦ፣ እርጥብ ነበር። ሌሊቱን እዚያ አድሮ ቢሆን እንደ ከበሮ በተወጠረ። ስለዚህ የገባው ጠዋት ነው። ጠዋት ፈንታ የት ነበር?»

«ቤቱ!» አለ በዕውቀቱ። «ሕዝቡ ሁሉ ሄዶ ከአልጋው ነው ያወረደው።»

«መልካም። ሽታው ደግሞ የበግ ጋጥ ነው። እመት ሰርካለም፣ ኀዘንዎን ባልነካ እወድ ነበር። ባለቤትዎ ማታ ምን ይዞ መጣ?»

የሟቹ ሚስት ነጠላዋን ከፊቷ ገለጠች። «ማሲንቆ። ‹የቀማኸውን የሰው እንጀራ ቤቴ አታስገባ› ስለው፣ በጎቹ ጋጥ ሰቅሎት ሄደ። ጠዋት ሳጣው፣ ሌሊት ተመልሶ የወሰደው መስሎኝ ነበር። የጠየቀኝም የለም።»

«ጠዋት ወደ ቤትዎ ማን መጣ?»

«መኳንንት ብቻ። እኔ ጥቁር ልብስ ስፈልግ ጋጡ ዘንድ ቆሞ ይጠብቀኝ ነበር።»

ዓይን ሁሉ ወደ መኳንንት በርኖስ ዞረ።

«ገለባውን ነቅለህ በሩን ልትከፍት፣ በራሱ ከሰል ሞተ ልታሰኝ ነበር የመጣኸው» አሉት ሳጅን። «በዕውቀቱ ቀደመህ። ነገሩ የሰው እጅ እንደሆነ ሲታወቅ ሌላ እጅ አስፈለገህ። ጋጡ ውስጥ ትዕዛዙን የረገመውን ሰው ማሲንቆ አየህ፤ በበርኖስህ ሸፍነህ ይዘህ ገባህ።»

መኳንንት ሊስቅ ሞከረ፤ አልሆነለትም። 

«አዳራሹን ስንከራይ በሬዬን ሸጫለሁ!» አለ እያለቀሰ። «ኋላ ‹አንድ መስኮት ሁለት ሰው አይቆምበትም› ብሎ ሊገፋኝ ተነሣ። እሱ ቢሞት ለእኔ ይቀራል ብዬ ነው…»

ወሰዱት። የፈንታን ገመድ ፈቱለት፤ እጁ አብጦ ጣቶቹ አልታጠፍ አሉ። ወሰንየለሽ በነጠላዋ ጠቅልላ ታሻቸው ጀመር።

ያን ጊዜ የወረዳው ተወካይ አቶ ምንይሉ ተነሡ። «አዳራሹ ባዶ አይቀመጥም» አሉ። «ከጠዋት ጀምሮ ልያዘው የሚሉ መጥተዋል። አቅም ላለው ለአንድ ሰው እንሰጠዋለን።»

«ደግሞ ለአንድ ሰው?» አለች ወሰንየለሽ።

 ፈንታ ቀና ብሎ ሳጅንን አያቸው።

«ጌታዬ፣ ከነገ ጀምሮ ማንን ነው የምንለምነው?»

ገዳዩን ለይተው ያወጡት ሳጅን መርስዔ ኃዘን አንገታቸውን ደፉ።