ልዳኛት አልችልም

ማሂራ ዳኛውን ጃፋርን መጀመሪያ ያየችው ቀይ ካርድ ሲያወጣባት ነው።

ድሮ የብሔራዊ ቡድን አጥቂ ነበረች፤ ዘጠኝ ቁጥር ለብሳ ስንት አገር ዞራለች። አሁን የመሳለሚያ ሴቶችን ታሰለጥናለች፣ ራሷም አብራቸው ትጫወታለች። ጉልበቷ ሲያብጥ ልጆቹ «ኮች፣ ዛሬ እንኳ ተቀየሪ» ይሏታል። «እኔ እሺ ብል አሰልጣኟ እንቢ አለች» ትላቸዋለች። ራሷን ቀይራ ወጥታ አታውቅም።

ያን ቀን አንዷ ልጅ ተጠልፋ ስትወድቅ ዳኛው ፊሽካ አልነፋም። የማሂራ ደም ፈላ።

«አንተ ሰውዬ፣ ዓይንህን ሽንኩርት አቃጥሎታል እንዴ?»

ዳኛው ሊስቅ ትንሽ ነው የቀረው። ግን ካርዱን አወጣ። ተጫዋቿ ማሂራ ስትባረር አሰልጣኟ ማሂራም አብራ ተባረረች፤ ልጆቹ ያለ መሪ ቀርተው ተሸነፉ።

በማግስቱ አትክልት ተራ ሽንኩርት ልትገዛ ብትሄድ፣ ኬሻ ላይ ቁጭ ብሎ የሚሸጠው ያው ዳኛ!

«ዓይኔን ያቃጠለው ይሄ ነው» አላት ኬሻውን እያሳየ።

ማሂራ ሳቋን ዋጥ አድርጋ «ፋውል ነበር» አለችው።

«ነበር። ከኋላ ሆኜ ሳላየው ቀረሁ።»

«ታዲያ ካርዱን ለምን ሰጠኸኝ?»

«ለስድቡ ነዋ። ስድቡን በደንብ ሰምቼዋለሁ።»

አጠፋሁ የሚል ዳኛ አይታ አታውቅም። ገረማት። ከዚያ ወዲህ ሰፈሯ ሽንኩርት ሞልቶ ሳለ አትክልት ተራ ድረስ መመላለስ ጀመረች። ልጆቹ «ኮች ወጥ ቤት ከፈተች» እያሉ ያሙዋታል። ሌላ ሰው ሁሉ ኳስ ምን አተረፈልሽ ነበር የሚላት። ጃፋር ግን ሰው አገር መዝሙራችን ሲዘመር ምን እንደተሰማት ጠየቃት። እሷም ነጋዴ ሰው እሁድ እሁድ ፊሽካ ይዞ የሚሮጥበትን ምክንያት ጠየቀችው። ልጅ ሆኖ ኳስ ስለማይችል ማንም እንዳላስገባው፣ ሜዳ የገባው በፊሽካ እንደሆነ ነገራት።

ቡድኗ ለዋንጫ አለፈ። ጨዋታው ለማሂራ የመጨረሻዋ ነው፤ እስከ መጨረሻው ልትጫወት ቆርጣለች። ዳኛው ጃፋር ተባለ። ወዲያው ደግሞ ጃፋር ተወው ተባለ። ዳኞቹ ፊት ቆሞ «እዚያ ቡድን ውስጥ ልዳኛት የማልችላት ሰው አለች» ብሎ ነበር። ደንቡ እንዲህ ነው፤ ዘመድ ያለው ወይ ቂም የያዘ ዳኛ ተናግሮ ይወጣል።

ማሂራ ልጆቿን አንድ በአንድ «የጃፋር ዘመድ ነሽ?» ብላ ጠየቀች። አንዷም አይደለችም። እንግዲያ ቂም ነው። ያቺን ስድብ በልቡ ይዞብኝ ኖሯል እንዴ እንዲያ ይስቅልኝ የነበረው? አለች ለራሷ። አትክልት ተራ መሄዱን ተወችው።

የዋንጫው ቀን ልጆቹ አንድ ለባዶ እየመሩ ነው። ማሂራ ጉልበቷን ይዛ ቀና ስትል ጃፋር ከሜዳው ዳር ከተመልካቹ ጋር ከገመዱ ኋላ ቆሟል። ፊሽካ የለው፣ እጁን የት እንደሚያደርገው ጠፍቶታል። አልቻለችም። ምን እንደበደለችው ሳታውቅ ይህ ጨዋታ አያልቅም።

ተጠባባቂዋን ዱንያን ጠርታ «በእኔ ቦታ ግቢ» አለቻት። ልጆቹ አፋቸውን ከፍተው ቀሩ። እያነከሰች ገመዱ ጋ ደረሰች።

«ቂም ነው ዝምድና?»

«ቂም አይደለም።»

«ዘመድህ እዚህ የለችም። ሁሉንም ጠይቄያለሁ።»

«ገና ዘመድ አልሆነችም...» ጃፋር መሬት መሬት አየ። «ማሂራ፣ አንቺ በወደቅሽ ቁጥር ፋውል ሆነም አልሆነም ፊሽካ መንፋት ያምረኛል። እንዲህ ሆኜ እንዴት ልዳኝሽ? ወንድሞችሽ ጋ ሽማግሌ እንዳልልክ፣ አንቺን ሳልጠይቅ ፈራሁ።»

ማሂራ ስንት ሺህ ሰው ፊት ተጫውታ እንዲህ ልቧ መትቶ አያውቅም።

«ላክ» አለችው ቀስ ብላ። «ሽንኩርት ይዘው እንዳይመጡ ብቻ።»

የማብቂያው ፊሽካ ተነፋ። ልጆቹ እየጮሁ መጥተው ከበቧት። ዱንያ ላቧ ሳይደርቅ «ኮች፣ እንዴት ወጣሽ?» አለቻት።

ማሂራ ጃፋርን በዓይኗ አየት አድርጋ መለሰች።

«አሰልጣኟ እሺ አለች።»