ሦስት መቶ አሥራ ሰባተኛው ቅጠል

ይህ የሆነው በእኔው ላይ ነው። ከሰው የሰማሁት አይደለም። ማመን የሚያቅተው እዚህ ላይ ያቁም፣ አልቀየመውም።

ቀኑ ማክሰኞ፣ ሰዓቱ ከቀኑ ዘጠኝ ተኩል። ፀሐይ በመስኮቱ ገብታ የሥራ ጠረጴዛዬን ግማሽ ይዛለች።

መጽሐፍ ደጓሽ ነኝ። ያረጀውን እፈታለሁ፣ እጠግናለሁ፣ መልሼ እሰፋለሁ። ሃያ ሁለት ዓመት ከባለቤቴ ጋር ሠራን። ከሞተ ሰባት ወሩ ነው። ዳቦ አሁንም ሁለት እገዛለሁ። አንዱ ይደርቃል።

ሙያችን አንድ ደንብ አለው። መጽሐፍ ከመሰፋቱ በፊት ቅጠሎቹን፣ ሉሆቹን ማለቴ ነው፣ ሁለት ሰው ይቆጥራቸዋል። አንዱ ቁጥሩን ይጠራል፣ ሌላው ቅጠሉን ገልጦ «አለ» ይላል።

ባለቤቴ «አለ» ሲል ጥርስ የሚነቅሉለት ይመስል እየጎተተ ነበር። በየአሥሩ ቅጠል ደግሞ ይስላል። በመጨረሻ የነጠቀኝም ያ ሳል ነው።

ያን ቀን ጠዋት የመጻሕፍት ቤቱ ሽማግሌ ጠባቂ መጽሐፈ እስትንፋስ የሚባለውን መጽሐፍ አቅፎ መጣ። ሁለተኛዋ ጨረቃ ከመውደቋ በፊት የተጻፈ ነው ይባላል። ጠቢባን ይጠይቁታል፣ እሱም ይመልሳል ይላሉ። እኔ ግን የታየኝ የላላ ስፌትና ምስጥ የበላው ጀርባ ነው።

«ልጄ፣ ይህን ብቻሽን እንዳትቆጥሪው» አለኝ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

«ብቆጥረውስ? ይነክሰኛል?»

አልሳቀም።

«ይመልስልሻል።»

ዓይኑ የባለቤቴ ባዶ ወንበር ላይ አረፈ። ከተራራው ማዶ ስለሚኖር መርዶውን አልሰማም።

«ባለቤትሽስ?»

«ደህና ነው። ወጣ ብሎ ነው።»

እስከዚያ ቀን ሞተ የሚለውን ቃል ከአፌ አውጥቼው አላውቅም ነበር። ለእሱም ማውጣት አቃተኝ።

እሱ ሲሄድ በሩን ከውስጥ ቆለፍኩ። መጽሐፉን ስፈታ ውዬ ዘጠኝ ተኩል ላይ መቁጠር ጀመርኩ። ራሴ እጠራለሁ፣ ራሴ እመልሳለሁ። ከጠባቂው በፊት ከሰው ጋር ካወራሁ ሦስት ቀን አልፎኝ ስለነበር ድምፄ ሻክሮ ነበር።

«አርባ አንድ...»

ቅጠሉን ገልጬ ልመልስ አፌን ስከፍት...

«አለ...»

እየጎተተ።

ቀና ብዬ አየሁ። ወንበሩ ባዶ ነው።

«አርባ ሁለት...» አልኩ በሹክሹክታ።

«አለ...»

አለቀስኩ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ከፍርሃት አልነበረም። ደስ ብሎኝ ነው።

ሃምሳ አለፈ። ስልሳ አለፈ።

አልሳለም...

ሞት ከሳሉ ገላግሎት ይሆናል ብዬ ራሴን ሸነገልኩ።

ዘጠና ላይ ድምፁ ከወንበሩ በኩል መምጣቱን ተወ። ከእጄ ሥር ነው የሚመጣው።

ሁለት መቶ ላይ ቁጥሩን ሳልጠራ ይመልስ ጀመር። ጣቴ ያረፈበት ቅጠል ቀስ ብሎ ከፍ ይላል... ቀስ ብሎ ዝቅ ይላል...

ያኔ ባለቤቴ አለመሆኑን አወቅኩ። አውቄም ቀጠልኩ። ሰባት ወር ያ ቤት ውስጥ ስናገር የመለሰልኝ አልነበረም። ምን እንደሆነ መጠየቅ አልፈለግኩም።

የመጽሐፉ ቅጠል ሦስት መቶ አሥራ ስድስት ነው። ጠባቂው በወረቀት ጽፎ ሰጥቶኛል። የመጨረሻውን ከጠራሁ ቆጠራው ያልቃል። እሰፋዋለሁ፣ ይወሰዳል። ቤቱም ወደ ዝምታው ይመለሳል።

ሦስት መቶ አሥራ አምስት ላይ አፌን ዘጋሁ።

ድምፁም ጠበቀኝ...

«አለቃዬ...»

ባለቤቴ ሲያሾፍብኝ እንዲህ ነበር የሚጠራኝ።

«አቤት...»

«አሁን እኔ ልጥራ። አንቺ መልሺ።»

«...እሺ።»

«ሦስት መቶ አሥራ ስድስት...»

«አለ።»

«ሦስት መቶ አሥራ ሰባት...»

ከዚያ በኋላ ያለው የእንጨት ሽፋኑ ብቻ ነው። በእጄ የፈታሁት እኔ ነኝ፣ አውቀዋለሁ። ቢሆንም ገለጥኩ።

ቅጠል ነበር። ጽሕፈት የሌለው፣ ለስላሳ፣ ለብ ያለ።

የለም ማለት እችል ነበር። ፀሐይዋ አልጠለቀችም፣ በሩም ሁለት እርምጃ ነው።

«አለ» አልኩ።

ይኸው አሥራ ዘጠኝ ቀን ሆነን። ቁጥሩ አራት ሺህ አልፏል። መጽሐፉ ግን አልወፈረም። ጠባቂው ወደ ማዶ ሳይመለስ ሰንብቶ ጠዋት ጠዋት እየመጣ በሩን ይደበድባል።

«ልጄ! አትመልሺለት! ዝም በይው!»

የባዶ ቤት ዝምታ ምን እንደሆነ ጠባቂው አያውቅም። ደክሞት እስኪሄድ እጠብቃለሁ።

በአዲሶቹ ቅጠሎች ላይ እንደ ፀጉር የቀጠኑ መስመሮች አሉ። ሦስት ረጃጅም፣ ብዙ አጫጭር። እያንዳንዱ ላይ ያው ነው። የት እንደማውቃቸው ማስታወስ አቅቶኝ ሰነበትኩ።

ዛሬ ጠዋት ከእጄ ላይ ሙጫ ሳጥብ መዳፌን ገልብጬ አየሁት።

ልሙጥ ነው... አንድም መስመር የለበትም።