ከበሩ ጀርባ የተሰቀለው ምርኩዝ

ባለቤቱ ከሞተች ወዲህ ከበር ጀርባ ምስማር ላይ ተሰቅሎ የከረመ ምርኩዝ፣ ማንም ሳያወርደው ጫፉን እንዴት እርጥብ ጭቃ ይነካዋል? ይህን ጥያቄ ዛሬም አልመለስኩትም። እኔ እንዲህ ያለ ወሬ ሲነሳ ከሰው መሀል ተነስቼ የምሄድ ሴት ነኝ፣ ፊደል የቆጠርኩት ልጆቼን ካሳደግሁ በኋላ በማታ ትምህርት ነውና በዓይኔ ያላየሁትን አላምንም፣ ጉዱ ይህንን ያየሁት እኔው ራሴ መሆኔ ነው።

ሱሉልታ፣ ኦቦ ቶላ ግቢ ተከራይቼ ነበር። ሚስታቸው ካረፉ ጀምሮ ብቻቸውን ናቸው፣ የጭቃ ቤታቸው ግድግዳ ተሰንጥቆ አዘንብሏል፣ ብርዱም ደረታቸውን ይዞታል። ልጃቸው ጫልቱ ሰበታ ልትወስዳቸው ብትለምን እምቢ አሏት። ‹‹ቤቱ ሳይወድቅበት አንቺ እስቲ አባዬን አግባቢልኝ›› አለችኝ።

ያን ሰሞን ስለ አፓቼዎች አነብ ነበር፣ አሜሪካ ውስጥ በደረቅ ተራራና በረሃ ይኖሩ ስለነበሩ ነባር ሕዝቦች። ሰው የሞተበትን ቤት አፍርሰው ወይም አቃጥለው ይሄዱ ነበር ይላል። ይኼማ ያግዘኛል ብዬ፣ ጉም በወረደበት አንድ የነሐሴ ከሰዓት በኋላ መጽሐፌን ይዤ ገባሁ።

ኦቦ ቶላ መደቡ ላይ ጋቢያቸውን ተከናንበው አዳመጡኝ። ‹‹ከአገራቸው የተወሰዱስ የሉም?›› አሉ። መዋሸት አልሆነልኝም፣ ከፊሎቹ በባቡር ተጭነው እርጥበት ወዳለበት ሩቅ አገር እንደተጋዙ፣ ብዙዎቹም ተራራቸውን ዳግም ሳያዩ በሳንባ በሽታ እንደሞቱ ነገርኳቸው።

‹‹አየሽ! ጫልቱ ይቺን ገጽ አላነበበቻትም!›› ብለው እስኪያስላቸው ሳቁ።

‹‹የሟችን ስምም አይጠሩም›› አልኩ፣ ወሬውን ለማስቀየስ።

‹‹ለምን?››

‹‹ከጠሩት ይመጣል ብለው ነው።››

‹‹ለቀስተኛው ሁሉ ስሟን እየጠራ አለቀሰ፣ ማን መጣ?›› አሉ። ‹‹እኔ ግን ጠርቻት አላውቅም። ሃዳ ጫልቱ፣ የጫልቱ እናት፣ እላታለሁ እንጂ።›› ከዚያ ወደ በሩ ዞረው የሚስታቸውን ስም ጠሩ። ስሙን እዚህ አልጽፈውም፣ ለምን እንደሆነ ትደርሱበታላችሁ።

እመኑኝ፣ መጀመሪያ ውሻቸው ነው፣ ከደጅ ገብቶ መደቡ ስር ተለጠፈ። ቀጥሎ ጉሙ ውስጥ ቋ! አለ፣ እንጨት ድንጋይ ሲነካ፣ ቆየት ብሎ ደግሞ ቋ!፣ ከአጥሩ በር ወደ ደጃፉ፣ እግሩን የሚጎትት ሰው አካሄድ። ደፉ ጋ ደርሶ ቆመ። ብመለከት ማንም የለም። ኦቦ ቶላ ግን ጋቢያቸውን ሰብስበው ፈቀቅ አሉ፣ ‹‹ሴኒ›› አሉ፣ በኦሮምኛ ‹ግቢ› ማለታቸው ነው፣ ‹‹በሩ ክፍት ነው።›› እኔ ልዘጋው በሩን ስስበው፣ ከጀርባው የሚስታቸው ምርኩዝ ብቅ አለ። እጀታው አቧራ እንደለበሰ ነው፣ ከጫፉ ጭቃ ይንጠባጠባል።

በማግስቱ ማንም ሳይለምናቸው ‹‹ሰበታ እሄዳለሁ፣ ከእንግዲህ ብጠራት ትመጣለች›› አሉ። እኔም ቤቱን ለቅቄ ወጣሁ፣ ለማንም ግን ትንፍሽ አላልኩም።

መስከረም ከጠባ በኋላ ልጠይቃቸው ሰበታ ሄድኩ። ጫልቱ ወደ ጓዳ ሳበችኝ። ‹‹ምን ብለሽ ነው ያሳመንሽው? ደረቱስ ተሽሎታል፣ ግን መሸት ሲል ሁልጊዜ ሶፋው ላይ ፈቀቅ ይላል። ለማን እንደሆነ እኔ አላውቅም።››

ያኔ ነገርኳት፣ እንደ ልማዴ አንድም ሳልዘል፣ ስሙ ጋ ስደርስም ኦቦ ቶላ እንደጠሩት አድርጌ ጠራሁት።

ጫልቱ አፌን በመዳፏ ከደነችው። ዘግይታ ነበር፣ ከሳሎን የአባቷ ድምፅ መጣ።

‹‹ሴኒ፣ በሩ ክፍት ነው።››