የኤፊም ብርጭቆ

መርማሪ ክላቭዲያ ገርማኖቭና የሐዲድ ጠባቂዎቹን ጎጆ በር ገፍታ ስትገባ ዓይኗ መጀመሪያ ያረፈው አስከሬኑ ላይ አልነበረም። በቁራሽ ጥቁር ዳቦ የተከደነች ብርጭቆ ላይ ነበር። አስከሬኑ መቼም የትም አይሄድም። ብርጭቆዋ ግን ከጠረጴዛው ራስጌ፣ ማንም ካልተቀመጠበት ወንበር ፊት፣ እስከ አፏ ሞልታ እንግዳ የምትጠብቅ ትመስላለች።

ሟቹ መሐንዲስ ቬንያሚን ሉጎቮይ ነው። ግንባሩን ክንዱ ላይ ደፍቷል። ከንፈሩ ባይጠቁር ኖሮ ሥራ አድክሞት እንቅልፍ የጣለው ሰው ነው ያሰኛል። ምድጃው ከጠፋ ቆይቷል። ቅዝቃዜው ዘንድሮ ቀድሞ ስለገባ ሌሊቱን ከዜሮ በታች አሥራ ሁለት ወርዶ አድሯል፤ ውጭ ሜዳው ከዳር እስከ ዳር አመዳይ ለብሷል።

«መርዝ ነው» አለ የሮኬት ጣቢያው ሐኪም፣ እጁን እያፍተለተለ። «የላብራቶሪ ነገር ነው። ከሚጠጣበት ብርጭቆ ውስጥ ነጭ ዱቄት አግኝቻለሁ። ይኸው፣ ደረቁን።»

«ደረቁን?»

«ደረቁን።»

ክላቭዲያ ከካፖርቷ ኪስ የሱፍ ፍሬ አውጥታ መፈልፈል ጀመረች። ሃምሳ ሊሞላት ጥቂት የቀራት፣ ጉልበቷን የሚያማት ሴት ነች፤ ስታስብ ሱፍ ትፈለፍላለች፣ ስትናደድ ደግሞ ከነገለባው ትበላለች። ከወረዳው ከተማ በሌሊት ባቡር ስትመጣ የጣቢያው ሰዎች አንድም ጥሩ ፊት አላሳዩዋትም። በዚህ ጣቢያ ከውጭ የመጣ ሰው ሁሉ ብዙ የሚያይ ይመስላቸዋል።

ከጎጆው መስኮት ወዲያ፣ አንድ ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ የጠቆረው የሮኬት ማስወንጨፊያ ይታያል። ከአሥራ ሦስት ዓመት በፊት፣ የመጀመሪያው ሰው ወደ ሰማይ ሊላክ ስድስት ወር ሲቀረው፣ ነዳጅ የሞላ ሮኬት እዚያው እንደ ቆመ ፈንድቶ በዙሪያው የነበሩትን ሠራተኞች በላ። ጋዜጣ አልጻፈውም። የሟቾቹ ሚስቶች «የአውሮፕላን አደጋ ነው» ተባሉ። ከዚያ ወዲህ በዚያች ቀን ከጣቢያው ሮኬት አይተኮስም። ይህንን ያዘዘ ማንም የለም፤ ግን ማንም አይደፍረውም። በከተማው መናፈሻ ዳር ድንጋይ ቆሞ ስሞች ሲቀረጹበት የአንድ ሰው ስም ብቻ ቀረ፤ የቴክኒሻኑ የኤፊም ቹባሮቭ። ነዳጅ በሞላ ሮኬት ላይ ጥገና ይጀመር ብሎ የፈቀደው እሱ ነው ተብሎ ተመዝግቧላ።

ስለዚህ ኤፊምን ያልረሱት አራት ሰዎች በየዓመቱ በዚያች ቀን ወደ ማታ እዚህ ጎጆ ይሰበሰባሉ። አንድ ግማሽ ሊትር ቮድካ ለአምስት ይቀዳል፤ አምስተኛው ብርጭቆ የኤፊም ነው። ዳቦ ይከደንበታል። ብርጭቆ ሳያጋጩ ይጠጣሉ፤ የሟቹን ማንም አይነካም። ትናንት ከተቀመጡት አራቱ አንዱ ሞቷል። የቀሩት ሦስቱ ውጭ ይጠብቃሉ።

መጀመሪያ ያነጋገረችው አስከሬኑን ያገኘውን ሽማግሌ፣ የባቡር ነጂውን ኦራዝን ነው። ባቡሩ ውስጥ ይሞቃል፤ እዚያው ተቀመጡ።

«አባባ ኦራዝ፣ ጠዋት ምን አመጣዎት?»

«በየዓመቱ እመጣለሁ፣ ልጄ። ቬንያሚን ከኤፊም ጋር ብቻውን መቅረት ይወዳል፤ እንተወዋለን። በነጋታው መጥቼ እወስደዋለሁ። ዕቃውንም አጥባለሁ።»

«ዕቃውን እርስዎ ነዎት የሚያጥቡት?»

«ታዲያ አብሮን የሚቀመጠው ኮሎኔል ሊያጥብ ኖሯል?»

ሁለቱም ፈገግ አሉ። ከዚያ ሽማግሌው በመስኮቱ ወደ ጠቆረው ማስወንጨፊያ አየና ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«አንድ ነገር ልንገርሽ፣ ግን አትሳቂብኝ። የኤፊም ብርጭቆ በየዓመቱ ጠዋት ባዶ ናት። ዳቦው እንደ ተከደነ ነው፤ ውስጧ ግን ጠብታ የለም። አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ! ለማንም አልተነፈስኩም። ሙት ይጠጣል ብል አበደ ብለው ባቡሬን ይቀሙኛል። ዘንድሮ ግን ሞልታ አገኘኋት። ኤፊም ተቆጥቷል፣ ልጄ። መጠጡን ትቶ ሰው ወሰደ።»

ክላቭዲያ አልሳቀችም። 

ቀጥላ የኤፊምን ልጅ ታይሲያን አስጠራች። ሃያ ዓመቷ ነው፤ ከአራቱ አንዷ የሆነችው በእናቷ ቦታ ነው፤ በጣቢያው ላብራቶሪ ትሠራለች። ሁለት ወታደሮች ግራና ቀኝ ይዘዋት መጡ።

«ማን ነው አስሯት ያለው?»

«ኮሎኔል ጎርቺሊን ናቸው» አለ አንዱ።

«ልቀቋትና ሂዱ፣ ሻይ ጠጡ።» ወደ ልጅቷ ዞረች። «ቮድካውን የቀዳሽው አንቺ ነሽ?»

«እኔ ነኝ። አምስቱንም፣ መቶ መቶ ግራም። ጠርሙሱ ጠብታ አልቀረበትም። ሁሉም እያዩኝ ነው የቀዳሁት።»

«ከዚያስ?»

«እኔና አባባ ኦራዝ በባቡሩ ሄድን፤ ኮሎኔሉ በመኪናቸው። ጋሽ ቬንያሚን ቀረ።» እንባዋን በእጅጌዋ ጠረገች። «እኔ ነኝ የገደልኩት ነው የሚሉት? እሱን? ባለፈው ሳምንት ጠርቶኝ ተንበረከከልኝ እኮ! በዚያ ቀን ተረኛው እሱ ነበር። አባቴ "ሂድ ሲጋራህን አጭስ፣ እኔ እቆምልሃለሁ" ብሎት ነው። በእሱ ፋንታ ነው አባቴ የነደደው። ትእዛዙንም አባቴ አልሰጠም፤ የሰጠውን አውቃለሁ አለኝ። ሞስኮ ሄጄ እመሰክራለሁ፣ ስሙን ስመለስ እነግርሻለሁ አለ።»

«ይህንን ለማን ነገርሽ?»

«ለማንም። ለአባባ ኦራዝ እንኳ አልነገርኩም። ተስፋዬ እንዳይሰበር ፈራሁ። እናቴ የአባቴን ስም ድንጋዩ ላይ ስትፈልግ ነው የሞተችው።»

ኮሎኔል ጎርቺሊን መኪናው ውስጥ ነበር። ከአደጋው በፊት ሻለቃ ሆኖ የማስወንጨፊያው አዛዥ ነበር፤ ዛሬ የጣቢያው ምክትል ኃላፊ ነው። በየዓመቱ ከተራ ሠራተኞች ጋር ጎጆ ገብቶ መቀመጡን ሰው ሁሉ ያመሰግንለታል። ከእግሩ ሥር የማዕድን ውሃ ሣጥን አለ፤ አንዱን ጠርሙስ ከፍቶ እየተጎነጨ ነው የጠበቃት።

«ጨጓራዬ ነው፣ ጓድ መርማሪ። የትናንቷ መቶ ግራም ስትጠብሰኝ አደረች። ይጠጣሉ?»

ጠጣች። ጨው ጨው ይላል፤ አረፋው አፍንጫ ውስጥ ይገባል።

«ከሄዱ በኋላ ወደ ጎጆው አልተመለሱም?»

«ለምን እመለሳለሁ? ይልቅ ነገሩ ግልጽ ነው። መርዙ የላብራቶሪ ነው፤ እሷ ላብራቶሪ ትሠራለች፤ የቀዳችውም እሷ ነች። አባቷ በእሱ ፋንታ መሞቱን ባለፈው ሳምንት ነው ያወቀችው። ከዚህ በላይ ምን ምክንያት ይፈለጋል? በዚህኛው ባቡር ይዘዋት ይሂዱ፤ እኛም ሥራችንን እንሥራ።»

ክላቭዲያ ሱፏን ከነገለባው አኘከች።

ወደ ጎጆው ተመልሳ በኤፊም ወንበር አጠገብ ቆመች። ዳቦውን ልታነሣ እጇን ስትዘረጋ በር ላይ የቆመው ወታደር «እማማ፣ ተዉ!» ብሎ ጮኸ፤ ወዲያው ደግሞ አፈረ። እውነቱን ነው። አባቷ ከጦርነት አልተመለሰም፤ ቤታቸው እንዲህ ያለ ብርጭቆ ነበር፣ አንድም ቀን ነክታው አታውቅም። ይቅርታ ጠይቃ አነሣችው። ከዚያ ጥግ ያለውን የውሃ ባልዲ አየች፣ ሐኪሙን ጠርታ አንድ ነገር በጆሮው ጠየቀችው።

እኩለ ቀን ላይ ሁሉም ጎጆው ውስጥ ነበሩ። አስከሬኑ ተነሥቷል። ኦራዝና ታይሲያ ግድግዳውን ተደግፈው፣ ኮሎኔሉ ኮፍያውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ ሐኪሙ በሩ አጠገብ። የኤፊም ብርጭቆ ዳቦዋ ተነሥቶ ጠረጴዛው መካከል ቆማለች።

«እዩዋት» አለች ክላቭዲያ። «ማናችንም ልናያት አልደፈርንም፤ የሟች ናት ብለን። እኔም እስካሁን ፈራኋት።»

ኦራዝ ጎንበስ አለና ወደ ኋላ ሸሸ። «በረዶ ሆናለች! አላልኩሽም? ኤፊም …»

«ኤፊም አይደለም፣ አባባ። እስቲ በዚህ ብርድ ቮድካ ይረጋል?»

«ከዜሮ በታች በሃያም አይረጋም!»

«ስለዚህ ይህ ቮድካ አይደለም፤ ውሃ ነው። ታይሲያ ግን በሦስቱ ፊት ቮድካ ነው የቀዳችው። ቮድካው የት ሄደ? አባባ ኦራዝ ነገሩኝ። ይህች ብርጭቆ በየዓመቱ ጠዋት ባዶ ትገኝ ነበር። ሙት አልጠጣትም። ሁላችሁም ከሄዳችሁ በኋላ ቬንያሚን ነበር የሚጠጣት፤ በእሱ ፋንታ ከሞተው ሰው ጋር ብቻውን ተቀምጦ።»

ታይሲያ አፏን በእጇ ያዘች።

«ትናንትም ጠጣት። መርዙ የነበረው እዚህች ውስጥ ነው። ታይሲያ ከመድረሷ በፊት ባዶዋ ብርጭቆ ውስጥ ተነስንሶ ነበር። መጀመሪያ መጥቶ ምድጃ ያነደደውና ብርጭቆዎቹን የደረደረው ማን ነበር?»

«ኮሎኔሉ» አለ ኦራዝ ቀስ ብሎ።

«ብርጭቆ መደርደር ወንጀል ሆነ?» አለ ኮሎኔሉ።

«አልሆነም። ገዳዩ ግን ሁላችሁም ስትሄዱ ተመለሰ። ቬንያሚን ሞቷል፤ የኤፊም ብርጭቆ ባዶ ናት። ባዶዋን ትቷት ቢሄድ አባባ ኦራዝ እንደ ወትሮው አጥበዋት አንድም ማስረጃ አይገኝም ነበር። ግን ዕቃ የሚያጥበው ማን እንደሆነ፣ ምን እንደሚያገኝ አስቦ አያውቅም። ሙሉ ሆና መገኘት ያለባት መሰለው። ጠርሙሱ ባዶ ስለሆነ በውሃ ሞላት። ከዚያ ነገሩ ቀጂዋ ላይ እንዲያመዝን በቬንያሚን ብርጭቆ ውስጥ ዱቄት ጨመረ። ቮድካ የተቀዳበት ዱቄት ግን ሟሙቶ ይጠጣል እንጂ ደርቆ አይቀርም።»

«ውሃ ማንም ያገኛል» አለ ኮሎኔሉ።

«እዚህ? የባልዲውን ይዩት፤ ከሐዲዱ ታንከር የተቀዳ፣ ዝገት የመሰለ ቡናማ ነው። የአባባ ባቡርም ከዚያው ነው የሚቀዳው።» ብርጭቆዋን አንሥታ ወደ መስኮቱ ያዘቻት። «ይህ በረዶ ግን ንጹሕ ነው፤ ውስጡም አረፋ ሞልቶታል። ሐኪሙ ከላዩ ፍቀው ወስደው አትንነውታል። ምን ተረፈ፣ ዶክተር?»

«የማዕድን ውሃ ጨው» አለ ሐኪሙ፣ ወደ ኮሎኔሉ ሳያይ። «ከመኪናው ሣጥን ጋር አመሳክሬዋለሁ።»



«አንድ ነገር ደግሞ ነግረውኛል፣ ጓድ ኮሎኔል። ታይሲያ የአባቷን ነገር ባለፈው ሳምንት ነው ያወቀችው አሉኝ። እሷ ለማንም አልተናገረችም። ሌላው ይህን የሚያውቅ ቬንያሚን ብቻ ነው፤ የሰሙትም ከእሱ ነው። ፊት ለፊት ሳይነግርዎ መመስከር አልፈለገም መሰለኝ። ትእዛዙን የሰጠው እርስዎ ስለነበሩ።»

ኮሎኔሉ ኮፍያውን አገላበጠ። ሲናገር ድምፁ አልተለወጠም።

«ሞኝ ነበር። "እሱ የእኔን ሞት ጠጣልኝ፣ እኔ የእሱን ቮድካ እጠጣለታለሁ" ይለኝ ነበር፤ በኩራት!» ቀና ብሎ ክላቭዲያን አያት። አክብሮቱ ሁሉ ከአንደበቱ ጠፍቶ ነበር። «እሺ፣ ጻፊው። ለምን ገደለው ልትዪ ነው? ስለ አደጋው? የምን አደጋ? በዚህ ጣቢያ እንዲህ ያለ ነገር ደርሶ አያውቅም። በየትኛውም ወረቀት ላይ የለም። ምክንያቱን ካልጻፍሽ ክስሽ ይወድቃል፤ ከጻፍሽ የመንግሥት ምስጢር ያወጣሽው አንቺ ነሽ። ልጅቷ ላይ መጻፍ ግን ቀላል ነው። ለሁላችንም ቀላል ነው።»

እውነቱን ነበር፤ ክፋቱም እዚያ ላይ ነው። ሐኪሙ ጫማውን ማየት ጀመረ። በሩ ላይ ያለው ወታደር እንዳልሰማ ለመምሰል ሞከረ። ክላቭዲያ ጡረታዋን አሰበች፤ ሦስት ዓመት ቀርቷታል። ባሏን አሰበች፤ ምን እንደሚላት ታውቃለች። መስኮቱን አየች፣ ያንን የጠቆረ ብረት። እዚያ የነደዱት ሰዎች አሥራ ሦስት ዓመት ሙሉ አልሞቱም ሲባሉ ኖረዋል፤ ሰው ከሞተ በኋላ እንኳ እንዲህ ይካዳል ብላ ገርሟት አያውቅም ነበር። ዛሬ ገረማት፣ አንጀቷንም በላት።

የምርመራ ቅጹን አውጥታ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋች። «የወንጀሉ ምክንያት» የሚለው ላይ ብዕሯን አሳረፈች። ከዚያ ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ ማስወንጨፊያውን ጻፈች።

«አብደሻል» አለ ኮሎኔሉ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፁ ተሰበረ።

ክላቭዲያ ወደ ግድግዳው ዞረች።

«ታይሲያ፣ ነይ እዚህ» አለች። «የአባትሽን ሙሉ ስም ንገሪኝ፤ ከእነ አያትሽ። ቀስ ብለሽ፣ አንድም ነገር እንዳልስት።»

ልጅቷ ወደ ጠረጴዛው ቀረበች። ሁለት ጊዜ ጀምራ ሁለት ጊዜ ድምፅ አጣች፤ ኦራዝ ከኋላዋ መጥቶ ትከሻዋን ያዘ። በሦስተኛው ተናገረችው፤ ክላቭዲያም ጻፈችው።