የማዶ ሰፈርን ድልድይ ማን አሠራው?

የሞተን ሰው በሐሰት የሚያከብር፣ በሕይወት ያለውን ይዘርፋል። ኤቢሳ ይህን የተማረው አምቦ ውስጥ፣ በማዶ ሰፈር የእድር አዳራሽ፣ ሕዝብ ፊት ቆሞ ነው።

የትምህርት ቤቱ የታሪክ ክበብ ለእርሱና ለክፍል ጓደኛው ለዱረቲ የሰጣቸው ሥራ የሰፈሩን ታሪክ ጠይቀው ለነዋሪው እንዲናገሩ ነበር። ነዋሪውም ያንን ሰምቶ ለድልድዩ ስም ሊያወጣለት ተሰብስቧል። አብዛኛው ከጌዶና ከካቺሲ ዘግይቶ የመጣ ስለሆነ፣ የድሮውን ዘመን የሚያውቁት ከፊት የተቀመጡት እትዬ ዘቢደር ብቻ ናቸው።

ወንዙ አንድ ልጃቸውን ከወሰደባቸው በኋላ ሴቶችን አስተባብረው፣ ድንጋይ በጀርባቸው ተሸክመው ድልድዩን ያሠሩት እርሳቸው መሆናቸውን ኤቢሳ ከአንደበታቸው ሰምቷል። የገዛ አያቱ፣ ሟቹ ኦቦ ጋዲሳ፣ መንገደኛ በበቅሎ አሻግረው በሚያገኙት ገንዘብ ይኖሩ ስለ ነበር፣ ድልድዩ እንዳይሠራ አጥብቀው መቃወማቸውንም ሰምቷል። ይህ ሁለተኛው እንደ እሾህ ወግቶታል።

«ድልድዩን ያሠሩት» አለ ጉሮሮውን ጠርጎ፣ «አያቴ ኦቦ ጋዲሳ ናቸው።»

«ወንዙንስ የፈጠሩት እርሳቸው ይሆኑ?» ብሎ አንዱ ከኋላ ሰዉን አሳቀ።

የእድሩ ዳኛ ኦቦ ሚልኬሳ እጃቸውን አነሡ። «ያ ኢልመኮ! ልጄ፣ ይህን ማን ነገረህ?»

ኤቢሳ ወደ አሮጊቷ ጠቆመ። «እትዬ ዘቢደር» አለ።

አሮጊቷ ከዘራቸውን ተደግፈው ተነሡ። «ልጄን ወንዝ ወሰደው፤ ድካሜን ደግሞ አንተ ውሰደው» አሉና ወጡ።

ዱረቲ ብድግ አለች። «ውሸታም! አብሬው ነበርኩ እኮ! እትዬ ያሉን አያቱ ድንጋይ ቀርቶ ጠጠር አላነሡም ነው። በእርሳቸው ላይ ሙድ ትይዛለህ እንዴ?»

«እውነቷን ነው?» አሉ ኦቦ ሚልኬሳ።

ሊክድ ይችል ነበር። እውነቱን የሚያውቁት አሮጊት ወጥተዋል፤ ዱረቲም ብቻዋን ናት። ኤቢሳ እርሳቸው ከፍተውት የወጡትን በር አየ።

«እውነቷን ነው» አለ በመጨረሻ። «አያቴ አይደሉም፤ ያሠሩት እትዬ ዘቢደር ናቸው።»

ድልድዩ በእትዬ ዘቢደር ስም ተጠራ፤ እርሳቸው ግን በስያሜው በዓል ቀን አልተገኙም። ክበቡ ኤቢሳን አሰናበተው። ሽማግሌዎቹም በሰፈሩ ጉባኤ ፊት ዳግመኛ እንዳይናገር ፈረዱ። ይቅርታ ሊጠይቅ በሄደ ጊዜ እትዬ ዘቢደር በራቸውን ከፍተው ሰሙት። ከዚያ ወዲያ ግን ስለ ሰፈሩ አንዲት ቃል አልነገሩትም።